አዲሱ ስልክ የመኪናውን ኮድ አላነብ ሲል

[ምስል፦ ከመሪው ሥር ያለው ባለ 16 ፒን ሶኬት]

ቼክ ኢንጂን በርቷል። የመኪናውን የብልሽት ኮድ አንብቦ ወደ ስልክ የሚልከውን፣ ኢኤልኤም 327 የሚሉትን የብሉቱዝ አዳፕተር ሶኬቱ ላይ ሰካችሁ፤ መብራቱም ብልጭ አለ። አፑን ከፈታችሁ። ይፈልጋል፣ ይፈልጋል፣ ምንም የለም። በድሮው ስልካችሁ ግን እንደ ጉድ ነበር የሚሠራው።

አዳፕተሩን ለመጣል አትቸኩሉ። ብዙ ጊዜ እምቢ ያለው ስልኩ ነው።

ከአንድሮይድ 6 እስከ 11 ድረስ አንድ አፕ በአካባቢው ያለ ብሉቱዝ ለመፈለግ የሎኬሽን ፈቃድ ያስፈልገው ነበር። «ሞተር ለማየት ያለሁበትን ቦታ ምን አስፈለገው?» ብሎ የከለከለ ሰው አይፈረድበትም። እ.ኤ.አ. በ2021 የወጣው አንድሮይድ 12 ግን ለብሉቱዝ የራሱን ፈቃድ ለየለት፦ «ኒርባይ ዲቫይስስ»።

[ምስል፦ ሴቲንግ፣ አፕስ፣ ፐርሚሽንስ]

እዚህ ግቡና ፍቀዱ። አፑ ከቆየ፣ ባለቤቱም አፕዴት ካላደረገው፣ አሁንም የሚጠይቃችሁ ሎኬሽን ነው። ያኔ ፈቃዱን መስጠት ብቻ አይበቃም፤ ከላይ ጎትታችሁ ሎኬሽኑን ራሱን አብሩት። ብዙ ሰው የሚሸወደው እዚች ጋ ነው።

አዳፕተሩ የተለመደው ብሉቱዝ ከሆነ መጀመሪያ በስልኩ ብሉቱዝ ሴቲንግ ፔር አድርጉት። ፒን ከጠየቀ 1234 ወይም 0000 ሞክሩ። ብሉቱዝ ሎው ኢነርጂ (ትንሽ ኃይል የሚወስደው ዓይነት) ከሆነ ግን ሴቲንጉን ተዉት፤ ከአፑ ውስጥ ነው የሚመረጠው።

በቴሌግራም የተላከላችሁ የድሮ ኤፒኬ (የአፕ መጫኛ ፋይል)ስ? አንድሮይድ 14 ከአንድሮይድ 6 በፊት ለነበሩት ብቻ የተሠራን አፕ አልጭንም ይላል። በኮምፒውተር ማለፊያ መንገድ አለው፤ እኔ ግን አልመክርም። ማን እንደነካካው የማይታወቅ ፋይል ከማስገደድ፣ ዛሬም አፕዴት የሚወጣለትን አፕ ከፕሌይ ስቶር ማውረድ ይሻላል።

አይፎን የያዛችሁ፣ ርካሹ የተለመደ ብሉቱዝ አዳፕተር ለእናንተ አይሆንም። ሎው ኢነርጂ ወይም ዋይፋይ የሆነውን ግዙ። በዋይፋይ ከሆነ «ሎካል ኔትወርክ» የሚለውን ፍቀዱ፤ ከአይኦኤስ 14 ጀምሮ ያለሱ አፑ አዳፕተሩን አያገኘውም። አፑ አድራሻ ከጠየቀ አብዛኞቹ 192.168.0.10፣ ፖርት 35000 ናቸው። አንድሮይድ ላይ ደግሞ ስልኩ «ይሄ ዋይፋይ ኢንተርኔት የለውም» ብሎ ወደ ሞባይል ዳታ ሊሸሽ ስለሚችል ዳታውን ለጊዜው አጥፉት።

ይሄን ሁሉ አድርጋችሁ አፑ ከአዳፕተሩ ጋር ተገናኝቶ ከመኪናው ጋር እምቢ ካለስ? ያኔ ስልኩን ተዉት። ለጃፓን ገበያ የተሠራ የቆየ ቪትዝ ሶኬቱ ቢገጥምም ቋንቋው ላይገጥም ይችላል። ርካሽ ኮፒ አዳፕተርም ሁሉንም ትእዛዝ አይረዳም።

[ምስል፦ ስክሪኑ ላይ የብልሽት ኮድ፣ ፒ0300]

ተገናኘ? ኮዱን ከማጥፋታችሁ በፊት ስክሪንሾት አንሱ። ሲጠፋ፣ ብልሽቱ በተመዘገበበት ቅጽበት የነበረው ፍጥነትና ሙቀትም አብሮ ይጠፋል፤ መካኒኩ ደግሞ እሱን ይፈልገዋል። ስትጨርሱ አዳፕተሩን ንቀሉት። ሶኬቱ ቁልፍ ቢጠፋም ከባትሪ ኃይል ያገኛል።