ምኒልክ በብሮድዌይ፣ 31 ጊዜ ብቻ

ጤና ይስጥልኝ ወዳጆቼ። ዛሬ በኒውዮርክ የቲያትር ሰፈር፣ በብሮድዌይ፣ ስለታየ አንድ የሙዚቃ ቲያትር ላወራችሁ ነው። ስሙ «አቢሲኒያ» ይባላል። እ.ኤ.አ. ፌብሩዋሪ 20 ቀን 1906 ኒውዮርክ፣ ኮለምበስ አደባባይ በነበረው ማጀስቲክ ቲያትር ተከፈተ፤ ማርች 17 ተዘጋ። 31 ጊዜ ታየ፣ በቃ።

የሠሩት ጥቁር አሜሪካውያን ናቸው። መሪዎቹ በርት ዊሊያምስና ጆርጅ ዎከር ነበሩ፤ ድርሰቱ የጄሲ ሺፕና የአሌክስ ሮጀርስ፣ ሙዚቃው የዊል ማሪዮን ኩክና የዊሊያምስ ነው። ከዚያ ሦስት ዓመት ቀደም ብለው ሌላ ትርዒታቸውን ለንደን ወስደው በንጉሥ ኤድዋርድ ፊት ተጫውተዋል። ዎከር ከዚያ በኋላ ወደ ትንሽ ነገር መመለስ አልፈለገም። ከቀድሞ አስተዳዳሪዎቻቸው ጋር ተጣልተው በአዲስ አስተዳዳሪ ሥር መድረኩን አሰናዱ፤ ፏፏቴ አቆሙ፣ እውነተኛ ግመሎችና አህዮች አስገቡ። የዎከር ባለቤት አይዳ ኦቨርተን ዎከርም የገበያ ልጅ ሆና ተጫወተች።

ታሪኩ ቀላል ነው። ከካንሳስ የመጣ ሰው ሎተሪ ይደርሰዋል፤ ዘመድ ወዳጁን ይዞ ዓለምን ሲዞር ምኒልክ አገር ይገባል። በዊሊያምስ የሚሠራው ጓደኛው ደግሞ ዕቃ ሰርቋል ተብሎ ይያዛል። ቅጣቱ እጅ መቆረጥ ነው። ፍርዱ በደወል ይነገራል፤ ሦስት ጊዜ ከተመታ ይቆረጣል፣ አራት ከሆነ ይለቀቃል።

መጀመሪያ ይህን ሳነብ ከፋኝ። ንጉሣችንን በእጅ ቆራጭነት ለምን ያነሱታል አልሁ። ከዚያ የዓድዋ ምርኮኞች ትዝ አሉኝ። ከጣሊያን ጋር ተሰልፈው የተማረኩ የኤርትራ አስካሪዎች (የቅኝ ግዛት ወታደሮች) ቀኝ እጃቸውና ግራ እግራቸው ተቆርጧል። የእኛው ታሪክ ነው፤ ኒውዮርክ ላይ የተፈጠረ ስም ማጥፋት አይደለም። ቅሬታዬን ዋጥሁት።

ዊሊያምስ ያንን ትዕይንት የተጫወተው ያለ ቃል ነው። አንድ። ሁለት። ሦስት። ከዚያ ዝምታ። የሰውየው ፍርሃትና ተስፋ ሁሉ ፊቱ ላይ ነበር፤ ያ ፊት ግን በተቃጠለ ቡሽ የጠቆረ ነው። ዊሊያምስ የባሃማስ ደሴቶች ከተማ የናሶው ተወላጅ፣ ቀላ ያለ ሰው ነበር፤ የዘመኑ መድረክ ግን ጥቁርን ሰው በራሱ መልክ እንኳ አልተቀበለውም። ይህ እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል። ድምፁን በ1906 ከተቀረጸ ሸክላ መስማት ይቻላል፤ ያ ዝምታ ግን በሸክላ አልተያዘም።

ለምን ቶሎ ተዘጋ? ወጪው ከባድ ነበር። ጥቁር ተዋንያን ከሳቅና ከጭፈራ አልፈው ሲሄዱ ያልተመቻቸው ነጭ ሃያሲያንም ነበሩ። ቡድኑ ትርዒቱን ይዞ ወደ ሌሎች ከተሞች ወጣ። ዎከር በ1909 ታሞ ከመድረክ ራቀ፤ በ1911 ሞተ።

እኔ ግን ሁልጊዜ የማስበው ማርች 1 ቀን 1906ን ነው። ቲያትሩ ገና አልተዘጋም፤ ዓድዋም ልክ አሥር ዓመት ሞላው። የባርነት ዘመን ልጆች የሆኑ ሰዎች በዚያ ሰሞን የምኒልክን አደባባይ በብሮድዌይ መካከል ተክለው፣ ግመሎቻቸውን እየነዱ ወደ መብራቱ ይወጡ ነበር።