የተጫረ ዓይን እስኪድን

ውድ አድማጮቼ፣ ዛሬ የማነሣው ባለፈው ዓመት በበጋ ስለተጫረው የግራ ዓይኔ ነው። በባጃጅ በድሬዳዋ በደረቁ የደቻቱ ወንዝ ዳር ስናልፍ ነፋሱ ያነሣው አሸዋ ዓይኔ ውስጥ ገባ፤ በንጹሕ ውኃ ማጠብ ሲገባኝ በመዳፌ አሸሁት። እንባ ጠርጎ ሊያወጣው ይችል የነበረውን አሸዋ፣ እኔው የብሌኔን (ኮርኒያ የሚባለውን፣ የዓይንን ፊት የሚሸፍነውን ብርሃን አሳላፊ አካል) የላይኛ ሽፋን ፋቅሁበት።

ሌሊቱን እንቅልፍ አልወሰደኝም። ጎረቤታችን እትዬ፣ አራስ ልጃቸው የጡት ወተት ጠብ እንድታደርግልኝ በቅንነት ቢያስቡም፣ ወተት ከጀርም የጸዳ መድኃኒት አይደለምና በአክብሮት እምቢ አልኳቸው።

በማግሥቱ የዓይን ሐኪሟ ብርቱካንማ ቀለም ዓይኔ ላይ አድርጋ በሰማያዊ ብርሃን ስትመለከተው የተላጠው ስፍራ አረንጓዴ ሆኖ አበራ። የማደንዘዣው ጠብታ ሥቃዬን ወዲያው ስላስታገሠልኝ ይዤው እንድሄድ ለመንኳት፤ እርሷ ግን ሲደጋገም ቁስሉ እንዳይድን እንደሚያደርግና ብሌንን እንደሚጎዳ አስረድታ፣ ኢንፌክሽን የሚከላከል ቅባት ብቻ አዘዘችልኝ።

ብሌን ግማሽ ሚሊ ሜትር ያህል ውፍረት ያለው፣ የደም ሥር የሌለው፣ ነርቭ ግን እጅግ የበዛበት አካል ነው፤ ትንሽ ጭረት ያን ያህል የሚያሠቃየውም ለዚህ ነው። የላይኛው ሽፋን ሲላጥ በዙሪያው ያሉት ጤነኛ ሴሎች ወደ ባዶው ስፍራ እየተንሸራተቱ ይሸፍኑታል። አብዛኛው ትንሽ ጭረት ከ24 እስከ 72 ሰዓት ባለው ጊዜ ይዘጋል። የእኔም ሕመም በሁለተኛው ቀን ተወኝ፤ እኔም ቅባቱን ተውኩት።

ከስድስት ሳምንት በኋላ፣ ጎህ ሲቀድ ዓይኔን ስገልጥ ያው ሥቃይ እንደ ምላጭ ቆርጦ ተመለሰ። አዲሱ ሽፋን ቁስሉን በቀናት ቢሸፍነውም ከሥሩ ካለው ስስ ንጣፍ ጋር አጥብቆ እስኪያያዝ ሳምንታት፣ አንዳንዴም ወራት እንደሚፈጅ የተረዳሁት ያን ጊዜ ነው። ሌሊት ዓይን ሲደርቅ የዐይን ቆብ ከአዲሱ ሽፋን ጋር ይጣበቅና ጠዋት ሲገለጥ ይዞት ይነሣል። ሐኪሟም በየምሽቱ የሚቀባ ማለስለሻ ቅባት ለወራት እንዳላቋርጥ አዘዘችኝ።

በቁልቋል እሾህ ወይም በጫት ቅርንጫፍ የተጫራችሁ ግን ከእኔም በላይ አትዘግዩ፤ ከተክል ጋር የሚገባ ፈንገስ ብሌንን ክፉኛ ያቆስላል፤ ያለ ሐኪም ትእዛዝ ከመድኃኒት ቤት የሚገዛ ስቴሮይድ (መቅላትንና እብጠትን የሚቀንስ መድኃኒት) ያለበት ጠብታም ያባብሰዋል። እኔ አሁንም ስነቃ ዓይኔን ወዲያው አልገልጥም፤ እንደ ተጨፈነ ቀስ አድርጌ አንቀሳቅሰውና እንባ ሲያረጥበው እከፍተዋለሁ።