አምስት ዓመት ኮሌታ ሰፋሁ

(በአቃቂ ቃሊቲ፣ በአንድ የቴክኒክና ሙያ ማሠልጠኛ ተቋም የምረቃ በዓል ላይ የተደረገ ንግግር)

የተከበራችሁ እናቶችና አባቶች፣ አሠልጣኞቼ፣ የዛሬዋ ቀን ባለቤቶች ተመራቂዎች፤ እንኳን ለዚህ አበቃችሁ!

ዲኑ ደውለው «ስለ ኢኮኖሚ ዕድገት ተናገሪ፤ ግን አጠር አድርጊው» አሉኝ። ሁለቱ አብረው የሚሄዱ አይመስለኝም። ቢሆንም እሞክራለሁ። ድንኳኑ ለኋለኞቹ እንዳልደረሰ አይቻለሁ፤ ፀሐዩም በርትቷል።

እኔ ኢኮኖሚስት አይደለሁም። ልብስ ሰፊ ነኝ። ከቱሉ ዲምቱ ወዲህ ባለ አንድ የልብስ ፋብሪካ አምስት ዓመት ሠርቻለሁ። ስሙን መጥራት አያስፈልግም። ሸሚዝ ነበር የምንሠራው። የእኔ ሥራ ኮሌታ ነው፤ ሌላ የለም። ከፊቴ ያለችው እጅጌ ትገጥማለች፣ ከኋላዬ ያለችው ኪስ ትለጥፋለች። ታርጌታችን በየሰዓቱ ሰሌዳ ላይ ይጻፋል። ኮሌታ ላይ የሚደርስብኝ አልነበረም፤ ዓይኔን ጨፍኜ እሰፋ ነበር ማለት ይቻላል።

ታዲያ አንድ ዓመት እናቴ «ለፋሲካ ለአባትሽ አንድ ሸሚዝ ስፊለት» አለችኝ። ጨርቅ ገዛሁ፣ የጎረቤት ሲንጀር ተዋስኩ፣ ተቀመጥኩ። አልቻልኩም። ከየት ተለክቶ ከየት እንደሚቆረጥ አላውቅም። አምስት ዓመት ሸሚዝ ፋብሪካ ውስጥ ኖሬ ሸሚዝ መስፋት አልችልም! አባቴ ያን ፋሲካ ከመርካቶ የተገዛ ለበሰ።

ማሽን ሲቆምም እንደዚያው ነው። እጃችንን አጣጥፈን ቴክኒሻኑን እንጠብቃለን። ከውጭ የመጣ ሰው ነበር። ጀርባውን ሰጥቶን ይፈታል፣ ጀርባውን ሰጥቶን ይገጥማል። ክፉ ሰው እንኳ አልነበረም፤ ሙዝ ያካፍለን ነበር። ብሎኑን ግን አያሳየንም።

ይህን የማወራችሁ ብዙ ሀገሮች ልክ እንደዚያን ጊዜዋ እኔ ስለሆኑ ነው። «የመካከለኛ ገቢ ወጥመድ» ይባላል። ስሙን ያወጡት የዓለም ባንክ ኢኮኖሚስቶቹ ኢንደርሚት ጊል እና ሆሚ ካራስ ናቸው፣ እ.ኤ.አ. በ2007። ሀገሩ ከድህነት ይወጣል፣ ወደ ላይ ይሄዳል፣ ዳገቱ ወገብ ላይ ሲደርስ ይቆማል። ባንኩ እ.ኤ.አ. በ2024 ባወጣው ሪፖርት 108 ሀገሮችን እዚህ መሐል ላይ ቆጥሯል። 6 ቢሊዮን ሰው ይኖርባቸዋል። ከ1990 ወዲህ ወደ ሀብታሞቹ ጎራ የተሻገሩት 34 ብቻ ናቸው። ከእነዚያም ውስጥ ከሲሶ በላይ የሚሆኑት ወይ የአውሮፓ ኅብረት የተቀበላቸው ወይ ነዳጅ የወጣላቸው ናቸው። እኛን የአውሮፓ ኅብረት የሚወስደን አይመስለኝም።

መጀመሪያው ዳገት ቀላል ነው እያልኩ አይደለም። ግን መንገዱ የታወቀ ነው። ትገነባለህ። መንገድ፣ መብራት፣ ፋብሪካ። ከእርሻ የመጣውን ወጣት ማሽን ላይ ታስቀምጠዋለህ፤ ያኔ ምርቱ ያድጋል። ከዚህ በታች አባ ሳሙኤልን ታውቁታላችሁ። በዚሁ በአቃቂ ወንዛችን ላይ የተሠራ የሀገራችን የመጀመሪያ የውሃ ኃይል ማመንጫ ነው። ጉልበቱ 6.6 ሜጋዋት ነበር። የዓባይ ግድባችን 5,150 ነው። ይህ ትልቅ ነገር ነው፣ ላሳንሰው አልፈልግም። ግን መብራት ማሽኑን ያዞራል እንጂ ሸሚዙን አይቆርጥም።

ወገቡ ላይ ሲደረስ ሠራተኛው ደሞዝ ይጨመርልኝ ይላል። ይገባዋልም፤ ቤት ኪራይ አለ፣ ታክሲ አለ፣ ልጅ አለ። ያን ጊዜ ዕቃውን የሚገዛው የውጭ ደንበኛ ደሞዝ ወደሚረክስበት ሌላ ሀገር ይሄዳል። ወደ ላይ ቀና ሲባል ደግሞ ጃፓን አለ፣ ጀርመን አለ። እነሱ ንድፉን ያወጣሉ፣ ማሽኑን ራሱ ይሠራሉ። ከታች ርካሹ፣ ከላይ አዋቂው፤ መሐል ላይ መቆንጠጥ የሚሉት ይሄ ነው።

ማሌዢያን ተመልከቱ። የኮምፒውተር ቺፕ ሠሪው ኢንቴል ፔናንግ የምትባለው ደሴት ላይ የመገጣጠሚያ ፋብሪካ የከፈተው እ.ኤ.አ. በ1972 ነው። ከግማሽ ምዕተ ዓመት በላይ ሆነው። ማሌዢያ ዛሬ ከእኛ ጋር የምትወዳደር ሀገር አይደለችም፣ እጅግ ርቃለች። ሆኖም የሀብታሞቹ በር ላይ ለብዙ ዓመታት ቆማለች። ቺፑን ትገጥማለች፣ ትፈትሻለች፤ የንድፉ ዋና ሥራ ግን ሲሠራ የኖረው ሌላ ቦታ ነው። የኮሌታ ነገር።

ብራዚል ደግሞ ትገርመኛለች። ከ1968 እስከ 1973 እ.ኤ.አ. በዓመት በአማካይ ከ10 በመቶ በላይ አደገች። በ1970ዎቹ አጋማሽ የአንድ ብራዚላዊ ገቢ ከአንድ ኮሪያዊ ይበልጥ ነበር። ከዚያ የ1980ዎቹ የዕዳ ቀውስ መጣ፣ አሥር ዓመት ባከነ። ዕዳው ብቻ ነው ብዬ ግን አላምንም። ብራዚል አውሮፕላን ትሠራለች! ኢምብራየር የእነሱ ነው። ከጀርባው ጥሩ የበረራ ምሕንድስና ተቋም አለ። ግን ያ ዕውቀት አንድ ጥግ ላይ ቀረ። ሰፊው ሕዝብ የተማረው ትምህርት ቤት ሌላ ነበር።

አሁን ወደ ኮሪያ ልምጣ። አያቶቻችን የቃኘው ሻለቃ ወታደሮች በ1943 ዓ.ም. ሲደርሱ ያገኙት ፍርስራሽ ነው። «እኛ ነበርን እኮ የረዳናቸው» ማለት እንወዳለን። እኔም እወዳለሁ። ከዚያ በኋላ ያደረጉትን ግን አንጠይቅም። እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ ወደ ውጭ ከሚልኳቸው ዋና ዕቃዎች አንዱ ዊግ ነበር። አዎ፣ ዊግ። ከሴቶቻቸው ፀጉር እየሰበሰቡ። ልብስም ይሰፉ ነበር፣ እንደኛ። በ1973 ፖሃንግ ላይ የብረት ፋብሪካ ከፈቱ። ይህን ሁሉም ያወራዋል። እኔን የበለጠ የሚስበኝ በ1976 ያወጡት ሕግ ነው። 300 እና ከዚያ በላይ ሠራተኛ ያለው ድርጅት ወይ ሠራተኞቹን ያሠለጥናል፣ ወይ ለሥልጠና የሚሆን ገንዘብ ለመንግሥት ይከፍላል። ምርጫው ሁለት ብቻ ነው።

ሕግ ለምን አስፈለገ? ባለቤቶቹ ራሳቸው አያሠለጥኑም ወይ? ይህንን እኔ ራሴ ተፈትኜበት ነው ያወቅኩት።

በ2014 ዓ.ም. ታኅሣሥ መጨረሻ ላይ አሜሪካ በአጎዋ የሰጠችንን የቀረጥ ነፃ ዕድል ዘጋችው። ትእዛዝ ቀነሰ፣ እኛ የምንሠራበትም የስፌት መስመር ተዘጋ። ኮሌታ ሰፊ ነኝ ብዬ የት ልሂድ? እዚሁ ግቢ፣ እዚያ ማዶ በሚታየው ክፍል፣ ማታ ማታ ፓተርን፣ ማለትም የልብስ መቁረጫ ንድፍ ማውጣት፣ ተማርኩ። ሲኦሲ የሚባለውን የሙያ ብቃት ምዘና ወደቅኩ፣ ድጋሚ ተፈተንኩ፣ አለፍኩ። ዕቁቤ ሲደርሰኝ ሁለት ማሽን ገዛሁ። ዛሬ 11 ናቸው። የተማሪ ዩኒፎርም እና ቱታ እንሠራለን። በሐምሌ 2016 የብሩ ምንዛሪ ለገበያ ሲለቀቅና ዶላሩ ከ57 ብር ተነስቶ ብዙም ሳይቆይ መቶን ሲያልፍ የክርና የዚፕ ዋጋ ሊገድለን ነበር፤ እሱን ዛሬ አልጀምረውም፣ ይመሻል።

አንዷን ልጅ ስድስት ወር አስተማርኳት። መቁረጥ፣ መለካት፣ ማሽን መፍታት። ጎበዝ ወጣች። አንድ ጎረቤቴ 800 ብር ጨምሮ ወሰዳት። በጣም ነው የተናደድኩት። ያስተማርኩት እኔ፣ የተጠቀመው እሱ! ከእሷ ቀጥላ የመጣችውን ልጅ ታዲያ አንድ ዓመት ሙሉ የቁልፍ ቀዳዳ ማሽን ላይ ብቻ አስቀመጥኳት። ሥራው ይፈጥናል፣ እሷም የትም አትሄድም። የሚያስፈልገኝን አገኘሁ።

አንድ ቀን ሻይ ላይ «እትዬ፣ እኔ ሌላ ሥራ መቼ ነው የምለምደው?» አለችኝ።

የምመልሰው አጣሁ። ለካ እኔም ጀርባዬን ሰጥቼያት ነበር።

ይኸው ነው ወጥመዱ ለእኔ። ጎረቤቴም ሞኝ አይደለም፣ እኔም ክፉ አይደለሁም። ሁላችንም በየሱቃችን ትክክል ነው የምናሰላው። አስተምሬ ለሌላ ከማበረክት ሌላው አስተምሮ እኔ ልውሰድ። ሁሉም እንዲህ ሲል የሚያስተምር ይጠፋል። ኮሪያዎቹ ያንን ሂሳብ ነው በሕግ የሰበሩት። አሠለጠንክም አላሠለጠንክም ወጪው አይቀርልህም፤ እንግዲያው አሠልጥን።

«እኛ መካከለኛ ገቢ ላይ መች ደረስንና ነው ስለ ወጥመዱ የምናወራው?» የሚል ይኖራል። እውነት ነው፣ ገና ነን። እኔ ግን ኮሌታ ላይ የቀረሁት በአምስተኛው ዓመት አይደለም። በመጀመሪያው ሳምንት ነው፣ ሱፐርቫይዘሩ «አንቺ እዚህ ተቀመጪ» ሲለኝ። የዚያን ጊዜ አልታወቀኝም። ደሞዙም ለመጀመሪያ ጊዜ እጄ ላይ የገባ ገንዘብ ስለነበር ደስ ብሎኝ ነበር።

ስለዚህ ተመራቂዎች፣ ሥራ ስታገኙ ደሞዙን ጠይቁ። ጠይቁ፣ አትፈሩ። ቀጥሎ ግን «ከስድስት ወር በኋላ ምን እሠራለሁ?» በሉ። የማሽኑ ክዳን ሲከፈት ተነስታችሁ ሂዱና እዩ። ታርጌት አለብኝ አትበሉ፤ ማሽኑ ቆሟል፣ ምን ታርጌት አለ?

ዲኑ ሰዓታቸውን እያዩ ነው። አንድ ነገር ልንገራችሁና ልውረድ። ባለፈው ሳምንት ያንን ጎረቤቴን ሄጄ አነጋገርኩት። ሌሎች ሦስት ወርክሾፖችም ጨመርን። በየወሩ ከእያንዳንዳችን ትንሽ ትንሽ እያዋጣን እዚህ ማሠልጠኛ ውስጥ ለልጆቻችን የቅዳሜ ክፍል ለመክፈት ተስማምተናል። ያላዋጣ ለስድስት ወር ከሌላው ሠራተኛ አይወስድም። ወረቀት ላይ ጽፈን ፈርመናል፤ የሚሠራ ይሁን አይሁን አብረን እናየዋለን። የመጀመሪያዋ ተማሪ ያቺ የቁልፍ ቀዳዳዋ ልጅ ናት።

እኔ ጋ ደግሞ ሁለት ክፍት ቦታ አለ። በየሦስት ወሩ ማሽን ትቀይራላችሁ። ደሞዙ ብዙ አይደለም፤ ቁጥሩን ከመድረክ ስወርድ እነግራችኋለሁ። የምትፈልጉ ሰኞ ጠዋት 2 ሰዓት ላይ ኑ። ሜትርና ጠመኔ እኔ ጋ አለ፤ እናንተ መፍቻ ብቻ ይዛችሁ ኑ።

አመሰግናለሁ።