በለሱና እርሻው፦ ጊዜ የሚዛባበትን ዓለም መፍጠር

ጤና ይስጥልኝ፣ እንደምን ሰነበታችሁ። ዛሬ የማወራው ጊዜ የሚዛባበት ልብ ወለድ ለምትጽፉ ነው። ከበለስ ልጀምር።

ተረፈ ባሮክ በተባለው ቅዱስ መጽሐፍ ኢትዮጵያዊው አቤሜሌክ ለሕሙማን በለስ እንዲያመጣ በነቢዩ ኤርምያስ ይላካል። በለሱን ይዞ ሲመለስ ሙቀቱ ይበረታበትና ጥላ ሥር አረፍ ይላል። ሲነቃ 66 ዓመት አልፏል። እሱ ግን እንቅልፍ እንኳ አልጠገበም፤ ራሱን ከብዶታል። ቅርጫቱን ሲያይ የበለሱ ወተት አሁንም ይንጠባጠባል። ኢየሩሳሌም ገብቶ ቤቱንም ዘመዱንም ሲያጣ፣ መንገድ የሳተ መስሎት ተመልሶ ይወጣል። በኋላ ላገኘው ሽማግሌ በለሱን ያሳየዋል። ሽማግሌው ደግሞ እርሻውን እንዲያይ ይነግረዋል፦ ሰብሉ ገና ነው፣ ወቅቱም የበለስ አይደለም።

ለምእመን ይህ ልብ ወለድ አይደለም፤ እኔም የማነሣው አተራረኩን ብቻ ነው። ሁለት ምስክሮች አሉ። በለሱ ለቆመው ጊዜ ይመሰክራል፣ እርሻው ላለፈው። በለሱ ባይኖር ረጅም የተኛ ሰው ታሪክ ሆኖ ይቀር ነበር፤ እርሻው ባይኖር ደግሞ ሽማግሌውን ማን ያምነዋል? እናንተም ጊዜ ተዛባ ብላችሁ ከመጻፋችሁ በፊት ከየወገኑ አንድ ነገር ምረጡ፤ የሚበቅል፣ የሚበላሽ ወይም የሚደርቅ ይሁን። ሰዓት ደካማ ምስክር ነው፤ ሊቆምም ሊሳሳትም እንደሚችል አንባቢ ያውቃል።

አሁን አንድ ሸለቆ እናብጅ። ውስጡ አንድ ቀን ሲያልፍ ውጭ ሰባት ቀን ያልፋል እንበል። መጠኑን ከመጀመሪያው ቁርጥ አድርጉት፤ «ጊዜ እዚያ ይዘገያል» ብቻ ብሎ የጀመረ ጸሐፊ አሥረኛው ምዕራፍ ላይ ከራሱ ጋር ይጋጫል። ሸለቆው ውስጥ ላለ ሰው የውጭው ቀንና ሌሊት በ3 ሰዓት ከ26 ደቂቃ ያልቃል። አቦሉ ሲቀዳ የወጣችው ጀምበር በረካው ሲደርስ ትጠልቃለች ማለት ነው።

ደስ ይላል፤ ግን ይህችው ጀምበር ሁሉንም ትፈጃለች። ፀሐይ በጠራ ቀትር በካሬ ሜትር 1000 ዋት ገደማ ትሰጣለች። ወደ ሸለቆው የሚገባው ጨረር ሰባት እጥፍ ይጣደፋል፣ የእያንዳንዱ ጨረር ጉልበትም ሰባት እጥፍ ይሆናል። ሰባት ጊዜ ሰባት፣ 49,000 ዋት። የምናየው ብርሃን ሁሉ ወደ አልትራቫዮሌት፣ ዓይን ወደማያየው የሚያቃጥል ጨረር፣ ይዞራል። ቡና ማፍላት ቀርቶ ሣር አይበቅልም። መውጫው ምንድን ነው? መጠኑን ወደ ሁለት ለአንድ ብታወርዱት ጉልበቱ አራት እጥፍ ይሆናል፤ አሁንም ያቃጥላል። ብርሃኑን የሚመልስ፣ የማይገፈፍ ጉም ከድንበሩ ውጭ ማኖር ይቻላል። ወይም ብርሃን ከሕጉ ነፃ ነው ብላችሁ መደንገግ፤ ይህን ግን መጀመሪያው ምዕራፍ ላይ ተናገሩት። ችግር ከመጣ በኋላ የሚወጣ ሕግ አንባቢን ማታለል ነው።

ድምፅም እንዲሁ። ከውጭ የሚጣራ ጎልማሳ ድምፁ 120 ሄርዝ (በሰከንድ 120 ንዝረት) ቢሆን፣ ውስጥ 840 ሆኖ ወደ ፉጨት ይጠጋል። ከውስጥ የሚመልስለት ሰው ድምፅ ወደ 17 ሄርዝ ይወርዳል፤ ውጭ የሚሰማው ጉርምርምታ ነው።

ከሁሉ የሚረሳው ድንበሩ ነው። ጊዜ እንደ ግድግዳ በአንድ መስመር ላይ የሚለወጥ ከሆነ፣ ደረቱ ውስጥ ሆኖ እጁ ውጭ የቀረ ሰው ምን ይሆናል? ልቡ በደቂቃ 70 ጊዜ ይመታል፤ ለእጁ ግን በውጭው ደቂቃ 10 ምት ብቻ ይደርሰዋል። እጁ በደም እጦት ይሞታል። ስለዚህ ለውጡን በሁለት ኪሎ ሜትር ላይ ቀስ በቀስ ዘርጉት። ተፈጥሮም የምታደርገው ይህንኑ ነው፦ ከፍ ያለ ቦታ የተቀመጠ ሰዓት ዝቅ ብሎ ከተቀመጠው ይፈጥናል፤ እ.ኤ.አ. በ2010 በአሜሪካ በ33 ሳንቲ ሜትር ከፍታ ልዩነት እንኳ ተለክቷል። የጂፒኤስ ሳተላይት ሰዓት በከፍታው በቀን 45 ማይክሮ ሰከንድ ያተርፋል፣ በፍጥነቱ 7 ይከስራል፤ ስለዚህ ከምድሩ በ38 ይቀድማል። ሸለቆውን ትታችሁ የጠፈር መርከብ ከመረጣችሁ፣ ሰባት እጥፉን የሚሰጣችሁ ከብርሃን ፍጥነት 99 በመቶው ነው። 87 በመቶው የሚሰጠው ሁለት እጥፍ ብቻ ነው።

ከዚያ መዝገብ። ደብተር ላይ ሁለት ዓምድ አስምሩ፣ አንዱ ለውስጥ አንዱ ለውጭ፤ እያንዳንዱን መግቢያና መውጫ ከነሰዓቱ ጻፉ። የዘመን አቆጣጠሩን አትቀላቅሉ። በእኛና በፈረንጆቹ መካከል ያለው ልዩነት ከመስከረም እስከ ታኅሣሥ ሰባት ዓመት፣ ከዚያ በኋላ ስምንት ነው፤ ሳይነገረው ያገኘው አንባቢ ሌላ የጊዜ መዛባት ያደርገዋል። ቀኑ እየተደጋገመ የሚመጣበት ታሪክ ከሆነ ደግሞ እኩለ ሌሊት ላይ እንዲታደስ አታድርጉ። የእኛ ቀን የሚጠባው ጎህ ሲቀድ፣ 12 ሰዓት ላይ ነው፤ አንባቢውም አዲስ ቀን የሚሰማው ያኔ ነው።

ጳጉሜንን ደግሞ አደራ። አንዲት ልጅ ጳጉሜን 5 ማለዳ እንግጫ ነቅላ ሸለቆው ገባች፣ አንድ ቀን አደረች። ስትወጣ መስከረም 7 ነው፤ ጳጉሜን 6 የሆነችበት ዓመት ከሆነ መስከረም 6። እንቁጣጣሽ አልፏል። በእጇ ያለው እንግጫ ገና እርጥብ ነው፤ እናቷ ቤት ምሰሶው ላይ የታሰረው ደርቋል።