ወጡን የሠራው እጅ ሲያቀርበው፦ ዴቪድ ክሮፍት

ጤና ይስጥልኝ የቻናላችን ቤተሰቦች። ዛሬ የምወደውን ሰው ይዤላችሁ መጥቻለሁ። ዴቪድ ክሮፍት ይባላል። እ.ኤ.አ. በ1922 ዶርሴት ውስጥ ከመድረክ ተዋንያን ተወለደ፣ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት በመድፈኛ ክፍል አገለገለ፣ ከዚያም ለእንግሊዝ ቴሌቪዥን ኮሜዲ ደራሲ፣ ፕሮዲዩሰርና ዳይሬክተር ሆነ። ሦስቱንም አንድ ሰው። ይህችን ያዙልኝ፤ ሦስቱንም አንድ ሰው።

ዶሮ ወጥ የምትሠራ እናት አስቡ። ሽንኩርቱን የከተፈችው እርሷ፣ ያቁላላችው እርሷ። ሽንኩርቱ ውኃውን ሲጨርስ የድስቱ ድምፅ ይለወጣል፤ እርሷ ታዲያ ከድምፁ ታውቃለች፤ በርበሬው አሁን ነው! እስቲ ድስቱን መሃል ላይ ለሌላ ሰው ስጡት። ባለሙያ ይሁን፤ ግን ያንን ድምፅ ከመነሻው አልሰማውም። ቸኩሎ በርበሬውን ይጨምራል፣ ወጡም ጥሬ ጥሬ ይላል። ቀልድም እንዲሁ ነው። ክሮፍት ሽንኩርቱን ራሱ ከትፎ፣ በርበሬውንም ራሱ ይጨምር ነበር።

ማየት ትፈልጋላችሁ? ከክሮፍት የቴሌቪዥን ኮሜዲዎች አንዱ የሆነው «ዳድስ አርሚ»፣ 1973። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት እንግሊዝን ከወረራ ለመጠበቅ በፈቃዳቸው የታጠቁ ሽማግሌዎች የተማረኩ የጀርመን ባሕር ሰርጓጅ መርከበኞችን ይጠብቃሉ። ምርኮኛው ካፒቴን ያስቀየሙትን ሁሉ ከድል በኋላ ሊበቀላቸው ስማቸውን ይጽፋል። ከጠባቂዎቹ መካከል ወጣቱ ፓይክ በሂትለር ላይ የሚያሾፍ ዘፈን ይዘፍናል። ካፒቴኑ ስሙን ይጠይቀዋል። አለቃው ማነሪንግ ልጁን ለማዳን ተሽቀዳድሞ «እንዳትነግረው፣ ፓይክ!» ይላል። በቃ። አንዲት ቃል ብትጨመር ቀልዱ ይሞት ነበር።

አሁን ወደሚያንገበግበኝ ነገር ልምጣ። ብዙዎቻችሁ «በኮሜዲው ላይ የሚሰማው ሳቅ ከቴፕ የተለጠፈ ነው» ብላችሁ ጽፋችሁልኛል። አይደለም። ደግሜ እላለሁ፤ አይደለም። ስቱዲዮው ውስጥ ሰው ተቀምጦ ያይ ነበር። የውጪው ትዕይንት ቀድሞ በእንግሊዝ ቴትፎርድ ከተማ አካባቢ በፊልም ይቀረጻል፣ ለተመልካቹም በስክሪን ይታያል፣ ሳቁም አብሮ ይቀዳል። ማነሪንግን የሚጫወተው አርተር ሎው ሳቁ እስኪበርድ ፊቱን ሳይፈታ ሲጠብቅ ልብ በሉ። የሚጠብቀው ሰውን ነው! ያንን ሳቅ ቴፕ ነው ማለት የተዋናዩን ትዕግሥትና የክሮፍትን ጆሮ መካድ ነው።

የቀረውን ቶሎ ቶሎ ልበላችሁ። የ«ዳድስ አርሚን» ሐሳብ ያመጣው በልጅነቱ እንደነዚያ ሽማግሌዎች በፈቃደኞቹ የአገር ጠባቂ ዘብ ያገለገለው ጂሚ ፔሪ ነው፤ ጽሑፉን በ1967 ለክሮፍት ሰጠው። ከ1968 እስከ 1977 ድረስ 80 ክፍሎች ሠሩ። ከፔሪ ጋር «ሃይ ዲ ሃይ»፣ ከጄረሚ ሎይድ ጋር ደግሞ «አሎ አሎ» ተከተሉ። ስለ «አሎ አሎ» ለብቻው እመለስበታለሁና ደወሏን መጫን እንዳትረሱ።

ክሮፍት በ2011 ፖርቱጋል ውስጥ አረፈ። ሥራዎቹን ስታዩ ግን መጨረሻው ላይ አታጥፉት። «ሲመለከቱ የቆዩት» የሚል ጽሑፍ ይመጣል፤ ከዚያ ተዋንያኑ በየተራ፣ ፊታቸው ከነስማቸው።