ከካውያው በፊት፦ የክሪስ ኮሎምበስ የልጆች ኮሜዲ

ዳዊት፦ ጤና ይስጥልን! ዛሬ የምናወራው ስለ ክሪስ ኮሎምበስ ነው፤ «ሆም አሎን»ን ስላዘጋጀው ዳይሬክተር። ቤተሰቡ ለገና ሲጓዝ ረስቶት ቤት የቀረው ልጅ፣ ሌቦችን በወጥመድ የሚያሸንፍበት ፊልም ነው።

ማህሌት፦ መርከበኛው እንዳይመስላችሁ።

ዳዊት፦ (ሳቅ) ፊልሙ እጁ የገባበት መንገድ ራሱ ኮሜዲ ነው። መጀመሪያ ጆን ሂውዝ የጻፈውን ሌላ የገና ፊልም ሊያዘጋጅ ነበር። ከመሪ ተዋናዩ ከቼቪ ቼዝ ጋር አልጣጣም ሲለው ጥሎ ወጣ።

ማህሌት፦ ያኔ እኮ ገና ስሙ ያልገነነ ሰው ነው!

ዳዊት፦ ሂውዝ ግን ሳይቀየመው ይሄኛውን ስክሪፕት ላከለት። ከዛ የፊልም ኩባንያው ዋርነር ብራዘርስ በበጀት ምክንያት ሲተወው፣ ሌላው ኩባንያ ፎክስ አነሳው። በፈረንጆቹ 1990 ወጣ፤ በ18 ሚሊዮን ዶላር ገደማ ተሠርቶ ከ470 ሚሊዮን በላይ አስገባ።

ማህሌት፦ ዋርነሮች ጣታቸውን ሳይነክሱ አልቀሩም። እኔን የሚገርመኝ ግን ሰው ሁሌ የሚያወራው ሌቦቹን ስለሚመቱት ስለ ቀለም ጣሳውና ስለ ካውያው ነው። ሌቦቹ ፍዳቸውን የሚያዩት እኮ መጨረሻ ላይ ነው! ከዛ በፊት ልጁ ብቻውን ይፈራል። ምድር ቤት ያለው ማሞቂያ ትዝ አለህ? አፉን ከፍቶ፣ እሳቱን እያሳየ ሲጠራው?

ዳዊት፦ ካሜራውም ዝቅ ብሎ በልጁ ቁመት ስለሚያይ ቤቱ ግዙፍ ይሆንብሻል።

ማህሌት፦ በቃ፣ ለዛ ነው ካውያው ፊት ላይ ሲያርፍ የምንስቀው። መጀመሪያ አብረነው ካልፈራን፣ ሰው ከደረጃ ሲንከባለል ምኑ ያስቃል?

ዳዊት፦ ኧረ እኔን ዝም ብሎም ያስቀኛል።

ማህሌት፦ አንተማ ጨካኝ ነህ! በተዋናዮቹ ፋንታ የሚወድቁት ስታንት ሠሪዎች እኮ የወደቁት የምር ነው። ኮሎምበስ ራሱ በየቀረጻው ሰዎቹ መትረፋቸውን ሳያይ እንደማይስቅ ተናግሯል።

ዳዊት፦ በ1993 የወጣው «ሚስስ ዳውትፋየር»ም ያው ነው። ሮቢን ዊሊያምስ ከልጆቹ ጋር ለመሆን ሞግዚት መስሎ ሲለብስ እንስቃለን፤ ከሥሩ ያለው ግን ፍቺ ነው።

ማህሌት፦ መጨረሻ ላይም እናትና አባትን አላስታረቃቸውም። ወላጆቻቸው የተፋቱባቸውን ልጆች መዋሸት አልፈለገም። እሱን በጣም ነው የምወድለት።

ዳዊት፦ ዊሊያምስ ደግሞ በየቀረጻው አዲስ ቀልድ ስለሚፈጥር፣ ኮሎምበስ ብዙ ካሜራ ባንዴ ይደቅን ነበር፤ የሌላው ተዋናይ ድንገተኛ ፊት እንዳያመልጠው። ይሄ ብልሃት በኋላ «ሃሪ ፖተር» ላይ ጠቀመው። ልጆቹ ካሜራ እያዩ ፈገግ ሲሉ፣ ከዚህም ከዚያም የሚሆነውን ቆራርጦ ይገጣጥማል።

ማህሌት፦ የ2015ቱን «ፒክስልስ»ስ?

ዳዊት፦ እሱን እንለፈው።

ማህሌት፦ እንለፈው።