«ፋሲካ ሳይነጋ ያው ድሮዬ ነኝ»፦ የአድማጮች ጥያቄና መልስ

ባለፈው ዝግጅታችን ስለ ክርስቲያናዊ ሥነ ምግባር ስንወያይ ስልኩ አላረፈም። በአየር ላይ ሰዓቱ ስላጠረን አንዳንዱን ጥያቄ እንደ ነገሩ ነካ አድርጌው አለፍኩ። ያ ሲከነክነኝ ሰነበተ። እነሆ አምስቱን ሰፋ አድርጌ ልመልስ።

ከአዳማ የደወሉ ነጋዴ፦ «መምህር፣ ዐቢይ ጾምን 55ቱንም ቀን እጾማለሁ። ምላሴ ይታረማል፣ ቁጣዬም ይበርዳል። ፋሲካ ሳይነጋ ግን ያው ድሮዬ ነኝ። ሱቅ ውስጥ መማል፣ ቤት ገብቶ መጮህ። ጾሜ ከንቱ ነው ማለት ነው?»

ወንድሜ፣ ከንቱ አይደለም። ጾም ያልነካው ሰው እንዲህ ብሎ አይጨነቅም። ግን ልጠይቅዎት፤ በጾሙ ወራት አመልዎን ምን አደረጉት? ብዙዎቻችን ውኃ ውስጥ እንደገባ ሰው ትንፋሻችንን ይዘን ነው የምንቆየው። ብቅ ስንል እንተነፍሳለን። ቀኑ እስኪያልፍ ብቻ ከያዝነው፣ አመሉም ቁጭ ብሎ ቀኑን ይቆጥራል።

አንድ ታሪክ ልንገርዎት። በፈረንጆች አቆጣጠር በ387 የአንጾኪያ ከተማ ሕዝብ በግብር ተማሮ ሁከት አነሣ። የሮማውን ንጉሠ ነገሥት የቴዎዶስዮስንና የቤተሰቡን ሐውልቶች ጎትቶ ጣለ። ከዚያ ምን ዓይነት ቅጣት ይመጣብን ይሆን እያለ ከተማው በሙሉ ራደ። ወቅቱ ዐቢይ ጾም ነበር። ዮሐንስ አፈወርቅ ያን ጊዜ ገና ቄስ ነው። በየጉባኤው ቆሞ ያጽናናቸው ነበር። እኔን ሁልጊዜ የሚገርመኝ በዚያ ሁሉ ጭንቅ መካከል ደጋግሞ የለመናቸው ነገር ነው፦ መማል ተዉ። ሌላ ስንት ኃጢአት እያለ እሱ ይቺን አንዷን ያዘ። እስክትተዉት ድረስ ስለዚሁ መናገሬን አልተውም አላቸው። ዘዴም አሳያቸው። ቤት ውስጥ የማለ ሰው ያን ቀን ራቱን ሳይበላ ይተኛ፤ አባወራውም ቢሆን። ከሥጋ ተከልክሎ ወንድምን መብላት ምን ይጠቅማል ብሎ ያስተማረውም በዚያው ጾም ነው።

እርስዎም እንደዚያ ያድርጉ። ቁጣውን፣ ምላሱን፣ ሐሜቱን ሁሉ በአንድ ጊዜ ልጣል አይበሉ። መሐላውን ይያዙ። «ማርያምን፣ በዚህ ዋጋ አላመጣሁትም» የምትለዋን። ለልጆችዎና ለሱቅ ሠራተኛዎ ይንገሩ፤ በማሉ ቁጥር 10 ብር ለነዳያን እንዲያስቀምጡ ያስገድዱዎት። ያፍራሉ። እሱ ጥሩ ነው፣ ሰው ብቻውን አይታረምም። ዋጋውን አንዴ ተናግረው ዝም ማለት ሲለምዱ ደንበኛም ይለምደዋል።

ደግሞ ፋሲካ ሲደርስ እንዳያቆሙ። ከትንሣኤ በኋላ ያሉት 50 ቀናት ረቡዕና ዓርብ እንኳ የማይጾምባቸው ናቸው። የምግቡ አጥር ይነሣል። አመሉ ተለውጦ እንደሆነ የሚታየው ያን ጊዜ ነው። ፋሲካን የድካምዎ መጨረሻ ሳይሆን የመሐላው ትግል መካከለኛ ቀን አድርገው ይቁጠሩት።

የቤቱ ጩኸት ለጊዜው ይቆይ። አንዱ ሲላላ ሌላውም እንደሚላላ በብዙ ሰው አይቻለሁ።

ከደብረ ብርሃን የደወለች እናት፦ «የ9 ዓመት ልጄ ትዋሻለች። መከርኳት፣ ገረፍኳት፣ አልተወችም። ነገ ምን ትሆናለች ብዬ እፈራለሁ።»

እህቴ፣ ልጅ ሳለሁ የእናቴን ጀበና ሰበርኩ። ሮጬ ሄጄ ራሴ ነገርኳት። ተገረፍኩ። ሌላ ቀን ሲኒ ስሰብር ስባሪውን ከአጥሩ ሥር ቀበርኩት፣ ሲጠፋ ደግሞ በድመቷ አላከክሁ። አልተገረፍኩም። እናቴን አልወቅሳትም፣ ሩኅሩኅ ሴት ነበረች። ጀበናም ቀላል ዕቃ አይደለም። ግን እኔ በሁለቱ ቀኖች አንድ ትምህርት ተማርኩ፦ እውነት ያስገርፋል፣ ውሸት ያድናል። ያንን ትምህርት ከውስጤ ለማውጣት ብዙ ዓመት ፈጅቶብኛል።

ልጅሽ ምን እየተማረች እንደሆነ እስቲ በእሷ ዓይን እይው። ቃል ግቢላት፦ እውነቱን ራስሽ መጥተሽ ከነገርሽኝ አልመታሽም። ይሄ ማለት ምንም አይደርስባትም ማለት አይደለም። የደፋችውን ትጠርጋለች፣ የሰበረችውን በመተካት ታግዛለች፣ የበደለችውን ይቅርታ ትጠይቃለች። ዱላው ግን ይቀራል። ከባዱ ነገር ቃልሽን መጠበቁ ነው። አንድ ቀን በጣም የሚያናድድ እውነት ይዛ ትመጣለች። ያን ቀን እጅሽን ካነሣሽ እንደገና ከዜሮ ትጀምሪያለሽ። ሐዋርያው ጳውሎስ ለኤፌሶን ሰዎች ሲጽፍ ልጆቻችሁን አሳድጉ ብቻ አላለም፣ አታስቆጡአቸውም ብሏል።

ሌላው፣ በር ሲንኳኳ «የለችም በያት» ብለሽ ታውቂያለሽ? ስልክ ላይ ቤት ቁጭ ብለሽ «መንገድ ላይ ነኝ» ትያለሽ? ልወቅስሽ ብዬ አይደለም የምጠይቅሽ። የዘጠኝ ዓመት ልጅ ግን ይሄን ሁሉ ትሰማለች። አፈወርቅ ስለ ልጆች አስተዳደግ ሲያስተምር የልጅን ነፍስ ገና በተሠራች ከተማ ይመስላታል። ዓይን፣ ጆሮ፣ ምላስ በሮቿ ናቸው። በምላስ በር የሚወጣው መጀመሪያ በጆሮ በር የገባው ነው፣ ያስገባነው ደግሞ እኛው ነን።

እውነት ስትናገር ደግሞ አይተሽ አትለፊ። «ይሄን መናገር ከብዶሽ ነበር አይደል?» በያት። ይበቃታል።

ዱባይ ሰው ቤት የምትሠራ እህት፦ «ማዳም የ3 ወር ደመወዜን አልሰጠችኝም። ገንዘብ የምታስቀምጥበትን አውቃለሁ። የራሴን ብቻ ቆጥሬ ብወስድ ኃጢአት ነው?»

እህቴ፣ መጀመሪያ ስለ ማዳምሽ ልናገር። የሠራተኛን ደመወዝ ማስቀረት በመጽሐፍ ቅዱስ ከታላላቅ ግፎች ይቆጠራል። የኦሪቱ ሕግ የድሃውን ሠራተኛ ዋጋ ፀሐይ ሳይገባ ስጡት ይላል፤ ሐዋርያው ያዕቆብም በመልእክቱ የተከለከለው ደመወዝ ራሱ ይጮኻል፣ ጩኸቱም ወደ ጌታ ጆሮ ገብቷል ይላል። ስለዚህ ተናድደሽ ከሆነ ቁጣሽ ትክክል ነው። ታገሺ ብቻ ብሎ ስልክ የሚዘጋ መምህር ልሆንብሽ አልፈልግም።

ብትወስጂ ሌባ ብዬ አልጠራሽም። ግን አትውሰጂ። አንደኛ፣ ዛሬ ከሳሽ አንቺ ነሽ፤ የወሰድሽ ቀን ተከሳሽ ትሆኛለሽ። ያንቺ 3 ወር ይረሳል፣ የእሷ ቦርሳ ብቻ ይወራል። በሰው አገር እስር ምን እንደሆነ አንቺ ከእኔ የበለጠ ታውቂያለሽ። ሁለተኛው ነገር ለእኔ ከመጀመሪያው አያንስም። በድብቅ የለመደ እጅ በአንድ ጊዜ አይቆምም። የግፍ ቤት ገንዘብሽን ወስዶብሻል፣ ያደግሽበትን ንጹሕ እጅ ግን ጨምረሽ አትስጪው።

አሁን ማድረግ የምትችይው ይሄ ነው። የሠራሽባቸውን ቀኖች፣ የተከፈለሽንና የቀረብሽን በደብተር ጻፊ። የኮንትራትሽን ፎቶ አገር ቤት ለሚታመን ሰው ላኪ። ለቆንስላና ለአገሩ የሠራተኛ ጉዳይ መሥሪያ ቤት አመልክቺ። ብቻሽን አትሁኚ፤ በቤተ ክርስቲያን ወይም በጓደኞችሽ በኩል ቋንቋውን የሚችል ሰው ይዘሽ ሂጂ። መብትን መጠየቅ ትሕትናን አያፈርስም። ጳውሎስም ያለፍርድ ሊገርፉት ሲያስሩት ሮማዊነቱን ጠቅሶ ተከራክሯል።

ወጣት የመንግሥት ሠራተኛ፦ «ቢሮአችን ሁሉም ‹የሻይ› ይቀበላል። እኔ ብቻ ብተው ምን ይለወጣል?»

ቢሮው ላይለወጥ ይችላል። አንተ ግን ትለወጣለህ። መጥምቁ ዮሐንስ ቀራጮች፣ ግብር ሰብሳቢዎቹ፣ መጥተው ምን እናድርግ ሲሉት ሥራችሁን ልቀቁ አላላቸውም፤ ከታዘዘላችሁ አብልጣችሁ አትውሰዱ አላቸው። ያችኑ ወንበር ይዘህ ቀና ሰው መሆን ይቻላል ማለት ነው። የመጀመሪያዋን የ100 ብር ሻይ ስትቀበል እጅህ ተንቀጥቅጦ ነበር አይደል? አሁን የማይንቀጠቀጥ ከሆነ እሱ ሊያስፈራህ ይገባል። ነገ ጠዋት ከሚመጣው የመጀመሪያ ባለጉዳይ ጀምር። ፋይሉን ጨርሰህ ስጠውና «ምንም አያስፈልግም፣ ሥራዬ ነው» በለው።

ስሙን ያልነገረን ወንድም፦ «ቤቲንግ ለመተው ንስሐ ገባሁ። ሁለት ወር ቆየሁ። ባለፈው ደመወዜን በሙሉ ተበላሁ። የንስሐ አባቴን ዓይን ማየት አፈርኩ።»

ወንድሜ፣ ድምፅህ እስካሁን ጆሮዬ ላይ አለ።

ሙሴ ጸሊምን ታውቀዋለህ። ቤተ ክርስቲያናችን ሰኔ 24 ቀን ታስበዋለች። መጀመሪያ የወንበዴ አለቃ ነበር፤ በኋላ በግብፅ በረሓ በአስቄጥስ መነኰሰ። ከመነኰሰም በኋላ ግን የድሮው ምኞት አልለቀቀውም። አንድ ጊዜ ፈተናው በርትቶበት በበኣቱ፣ በመነኵሴ ማደሪያው፣ መቀመጥ አቃተውና ወደ አረጋዊው መነኵሴ ወደ አባ ኤስድሮስ ሄደ። ተመለስ ቢለው አልችልም አለ። ኤስድሮስ አልተቆጣውም። ይዞት ሰገነት ላይ ወጣ። ወደ ምዕራብ ተመልከት አለው፤ የሚዋጉ አጋንንት አየ። ወደ ምሥራቅ ተመልከት አለው፤ ቁጥር የሌላቸው ብሩሃን መላእክት አየ። ከእኛ ጋር ያሉት ይበዛሉ አለው። ሙሴም በርትቶ ወደ በኣቱ ተመለሰ።

ልብ በል፣ ፈተናው ያን ቀን ጠፋለት አይልም። ተመለሰ ነው የሚለው። አንተም ሁለት ወር የቆየኸው ከንቱ አልሆነም፤ ሁለት ወር ከቻልክ መቻልህን አውቀሃል ማለት ነው። የወደቅክበትን ቀን መርምረው። ደመወዝ የገባበት ቀን ነበር? ብቻህን ነበርክ? ኳስ ከማን ጋር ታይ ነበር? አፕሊኬሽኑን ዛሬ አጥፋ። የባንክ ካርድህን ለሦስት ወር ለምታምነው ሰው አስይዝ፤ ሚስት ካለችህ ለእሷ። ንገራትም፣ ይከብዳል፣ ግን ንገራት።

የንስሐ አባትህን ስትፈራ ያን የሰገነቱን አረጋዊ አስብ። ብዙ ውድቀት የሰሙ ሰው ናቸው፣ ያንተ አዲስ አይሆንባቸውም። እሑድ እስኪደርስ አትጠብቅ። ዛሬ ማታ ደውልላቸው። ቃል ከጠፋህ «አባቴ፣ ደግሜ ወደቅኩ» በላቸው። ቀሪውን እሳቸው ይጠይቁሃል።